ቤዙ የሌለበት መዝሙር

የታሰርነው አራታችንም አንድ ዓይነት ክሬም ሱፍ ለብሰን ነው። ዋጫ ከተማ ሰርግ ላይ ዘፍነን ስንመለስ ቦንጋ መግቢያ ላይ ሚኒባሱን አስቆሙና ስማችንን ከወረቀት ላይ አንድ በአንድ ጠርተው አስወረዱን። ሾፌሩ በመስኮት ብቅ ብሎ፣ ድምፅ ማጉያዎቹን ምን ላድርጋቸው ብሎ ጠየቀ። ሱፉ አንድ፣ ነጭ ሸሚዙ አንድ፣ ቀይ ክራቫቱ አንድ፣ ነጭ ጫማችን ሳይቀር አንድ ነው። ፖሊሱ ስማችንን ከፊታችን ጋር ለማገናኘት ተቸግሮ ሁለት ጊዜ ደግሞ ጠራን።

የወሰዱን ድሮ የቡና መጋዘን ወደነበረ ቤት ነው። በብሎኬት ከፋፍለው ባለ አራት ክፍል አድርገውታል። ቡናው ከወጣ ዓመታት ቢያልፉም ግድግዳው የጀንፈል፣ ያልተፈለፈለ ደረቅ ቡና ሽታ አልለቀቀውም፤ ዝናብ ሲመጣ ደግሞ ይብሳል። አራታችንን በአራቱ ክፍል በታተኑን። ለእኔ የደረሰኝ የመጨረሻው ነው። በሩ ሲከፈት መጀመሪያ ያየሁት እግር ነበር። ሃያ ምናምን ሰው ጀርባውን ለግድግዳው ሰጥቶ፣ እግሩን ወደ መሃል ዘርግቶ ተቀምጧል። የምረግጥበት ቦታ አጥቼ በነጭ ጫማዬ ደጃፉ ላይ ቆምኩ።

"ሙሽራው መጣ" አለ አንዱ ከጥግ። "ሚዜዎቹስ የት ቀሩ?"

ሳቁ። እኔም ሳቅ ብዬ ነበር መሰለኝ። ካቦው፣ ማለትም የክፍሉ አለቃ፣ ከአንድ ሽማግሌ አጠገብ እንድቀመጥ አዘዘኝ። ሽማግሌው የማንኪራ ሰው ናቸው፤ ቡና ይለቅማሉ፣ ቀፎ ይሰቅላሉ። ከተማው ውስጥ ሰልፍ በተወጣ ዕለት ማር ሊሸጡ ገበያ ወርደው መንገዱ መሃል ተገኙና ተያዙ። አማርኛቸው ቁጥብ ነው። እግራቸውን ሰብስበው ቦታ ለቀቁልኝና የሱፌን እጅጌ በጣታቸው ዳሰስ አደረጉት።

"ጥሩ ልብስ" አሉ። "እዚህ ይሞታል።"

ከዚያ ቀን ጀምሮ ስሜ ሙሽራው ሆነ።

እኔ መምህር ነኝ፤ ኬሚስትሪ አስተምራለሁ። በቡድኑ ውስጥ ደግሞ ቤዝ ነኝ። ቤዝ ማለት ከሁሉም ሥር በወፍራሙ የሚሄድ፣ ዘፈኑ ውስጥ ያለ፣ ግን ማንም መንገድ ላይ ሲሄድ የማያፏጨው ድምፅ ነው። ብቻዬን ስለማመደው ባለቤቴ "ላሟ ታመመች እንዴ?" ትለኛለች። የምንዘፍነው ፍቅር ብቻ ነበር። ጊታር የለ፣ ከበሮ የለ፤ አራት ሰው፣ አራት ድምፅ። ሁላችንም ያደግነው በቤተ ክርስቲያን መዘምራን ውስጥ ስለሆነ ሃርመኒ መያዝን፣ ማለትም የተለያየ ድምፅ አስማምቶ መዘመርን፣ ማንም ሌላ ቦታ አላስተማረንም። እኔን ያስተማረኝ አባቴ ነው። ደካ በምትገኝ ትንሽ ቤተ ክርስቲያን የመዘምራን አሠልጣኝ ነበር፤ እሱም ቤዝ ነበር። የመጀመሪያውን ሰርግ ዘፍነን ወሬው ደካ ሲደርስ፣ ዘፈን ኃጢአት ነው ብሎ ከምእመናኑ ኅብረት እንድታገድ ለቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎች ሐሳብ ያቀረበው ራሱ አባቴ ነው። ከዚያ ወዲህ ስንገናኝ ስለ ዝናቡና ስለ እንሰቱ እናወራለን እንጂ ስለ ዘፈን አናነሣም።

ቡድኑን የፈጠረው ደራሲያችን ነው። ሥራው ቀያሽነት ነው፤ መሬት በሚለካበት ዓይኑ ድምፅም ይለካል። ዘፈኖቹን እሱ ይጽፋል፣ ሁለተኛውን ድምፅ እሱ ይዘፍናል። ሦስተኛው ማር ነጋዴ ነው። መሪው ደግሞ ፀጉር አስተካካይ ነበር፤ አፉን ሲከፍት ሰው ማንኪያውን የሚያስቀምጥለት ዓይነት ልጅ። ደራሲው አንድ ጥብቅ ሕግ ነበረው። አንዳችንን ጓሮ፣ አንዳችንን በረንዳ ላይ፣ አንዳችንን ከእንሰቱ ሥር አስቀምጦ፣ ከጻፈልን ኖታ ለየብቻ ያስጠናናል። የሌላውን ድምፅ መዝፈን ለእሱም ለእኛም ክልክል ነው፤ በቀልድም ቢሆን፣ ገላ ስትታጠብም ቢሆን። "አንድ ቀን የቀመስከው ድምፅ ሌላ ቀን ይጎትትሃል" ይል ነበር። ሕጉን የጣሰ ድምፅ ማጉያዎቹን ብቻውን ይሸከማል። ስድስት ዓመት አብረን ስንሠራ እኔ የመሪውን ድምፅ አንድም ቀን ጮክ ብዬ አልሞከርኩትም። እሱም የእኔን።

እንግዲህ ስመ ጥር ሆነን ነበር ማለት እችላለሁ። ጅማ ሄደን ቀረፅን፣ ማንኪራ ጫካ ውስጥ ክሊፕ ሠራን፣ ያኔ ነው ክሬም ሱፉን ያሰፋነው። አንዱ ዘፈናችን ከዞኑ አልፎ ሄደ። አንድ ሰው መናኸሪያ ቆሞ ፍቅረኛውን ይጠብቃል፤ አውቶቡሱ ይመጣል፤ እሷ የለችም፤ ወደ ቤቱ ይመለሳል። በቃ፣ ሌላ ነገር የለውም። ሰርግ ላይ ደራሲው ድንኳኑን በአራት ይከፍለዋል። በስተቀኝ ያላችሁ ከመሪው ጋር፣ በስተግራ ያላችሁ ከእኔ ጋር፣ ከኋላ ያላችሁ ከማር ነጋዴው ጋር፣ በር ላይ የቆማችሁ ከቤዙ ጋር። ሕዝቡ በአራት ድምፅ ሲዘፍን ሙሽሮቹ ያለቅሳሉ። በየሰርጉ እንዲህ ስናደርግ ቦንጋ ውስጥ ድርሻውን የማያውቅ ወጣት አልቀረም።

የከተማችን ወጣቶች ጥያቄ ነበራቸው፤ ስለ መንገድ፣ ስለ ሥራ፣ ስለ አስተዳደር። ሰልፍ ወጡ። እኛ አልነበርንበትም፤ እኔ ያን ቀን ፈተና አርም ነበር። ሊበተኑ ሲሉ አንዱ የእኛን ዘፈን አነሳ፤ ሁሉም የሚያውቀው ሌላ ዘፈን አልነበረም። የአስፋልቱ ቀኝ መሪውን ያዘ፣ ግራው ሁለተኛውን ያዘ፣ ኋላ ያሉት ሦስተኛውን፣ ሱቅ በረንዳ ላይ የቆሙት ቤዙን። ከፎቅ ሆነው በስልክ ሲቀርፁ ለነበሩት ባለሥልጣናት የታያቸው ግን ሌላ ነው። አዛዥ ሳይኖረው በአንድ ጊዜ በአራት የተከፈለና እየተቀባበለ የሚመልስ ሕዝብ አዩ። ይሄ ያለ ሥልጠና አይሆንም አሉ።

መርማሪው ትሑት ሰው ነበር። በ"እርስዎ" ነው የሚያናግረኝ፤ ወንበር ያቀርብልኛል።

"መምህር፣ ሕዝቡን በአራት የከፈለው ማነው?"

"ዘፈኑ ነው። አራት ድምፅ አለው።"

"አራቱን ክፍል የሚመሩት እነማን ናቸው?"

"የሚመራ የለም። ሰርግ ላይ የለመዱት ነው።"

ጻፈ። ከዚያ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠና "እስቲ ይዝፈኑት" አለኝ። ዘፈንኩት፤ የራሴን። እሱ ጠበቀ። እኔ ጨረስኩ። እሱ አሁንም ይጠብቃል።

"ዘፈኑ ይሄ ነው?"

"የእኔ ድምፅ ይሄ ነው።"

"እኔ እኮ ዘፈኑን አውቀዋለሁ መምህር። ልጄ ቤት ውስጥ ጠዋት ማታ ትዘፍነዋለች። እንዲህ አይደለም።"

በሦስተኛው ቀን አስጠራኝና የአራታችንን ቅጂ ተራ በተራ አሰማኝ። ሁሉም እንደ እኔ የየራሱን ዘፍኗል። ከመሪው በስተቀር ማናችንም ዘፈኑን የሚመስል ነገር አልዘፈንም።

"አንድ ዘፈን ነው ብላችኋል" አለ። "አራት ሰው አራት ቃል ሰጠ። የዋሸኝ የትኛው ነው?"

"አንድ ላይ ያጫውቷቸው። ያኔ ይገባዎታል።"

ስልኩን ገለባበጠው። "ያለኝ አንድ ስልክ ነው" አለ።

ስቄ ነበር። አሁን ሳስበው መሳቅ አልነበረብኝም፤ እሱ የእውነቱን ነው። ከፈረሙ ይፈታሉ ብሎ ከመሳቢያው ወረቀት አወጣ። ስምንት ዓረፍተ ነገር አለው። ሰባቱ እውነት ናቸው። ዘፈኑን የጻፈው ደራሲው ነው። ያስጠናን እሱ ነው። ለየብቻ ነው ያስጠናን። ሰርግ ላይ ሕዝቡን በአራት የሚከፍለው እሱ ነው። እንዲህ እያለ ይወርዳል። ስምንተኛው፣ ይህን ሁሉ ያደረገው ወጣቱን ለዚያ ሰልፍ ለማዘጋጀት መሆኑን ነግሮናል ይላል።

"ስምንተኛውን ይሰርዙልኝና ልፈርም" አልኩት።

"እሱን ከሰረዝን ምን ቀረ መምህር?" አለኝ፤ ያሳዘንኩት ይመስል ነበር።

ጠዋት ጠዋት ሻይ ከታደለ በኋላ ደራሲው ከመጀመሪያው ክፍል ድምፅ ይሰጣል። ከዘፈን በፊት የሁላችንንም መነሻ በአፍንጫው ይሰጠን እንደነበረው ነው። መጀመሪያ የመሪውን፣ ቀጥሎ የራሱን፣ የማር ነጋዴውን፣ መጨረሻ የእኔን። አራት አጫጭር ድምፆች። እኛም ከየክፍላችን በየተራ እንመልሳለን። በቃ፣ ሌላ ምንም አንባባልም። መመለስ ማለት ደህና ነኝ፣ እዚህ ነኝ፣ አልፈረምኩም ማለት ነበር። እንዲህ ይሁን ብለን የተስማማንበት ቀን የለም። ጠባቂዎቹ ጸሎት መስሏቸው ትተውናል። ዝናብ ቆርቆሮውን ሲደበድበው አይሰማም፤ እንዲያ ያለውን ቀን ባዶ ሆኜ ነበር የማሳልፈው።

በሁለተኛው ሳምንት ሁለት ቀን በተከታታይ ዘነበ። በሦስተኛው ጠዋት ብራ ሆነ። ደራሲው ድምፅ ሰጠ። የመሪው መልስ አልመጣም። ደራሲው ደግሞ ሰጠው፤ የመሪውን ብቻ። ዝም። ሦስተኛ ጊዜ ሰጠው፤ ትንሽ ከፍ አድርጎ። በአራቱም ክፍል ወሬ ቆመ። ሽማግሌው ፊት ፊቴን ያዩኛል። በመጨረሻ ደራሲው ወደራሱ ድምፅ ወረደ፤ ማር ነጋዴው መለሰ፤ እኔ መለስኩ። በማግስቱ ጠዋት ደራሲው ሦስት ብቻ ሰጠ።

ባለቤቴ ስንቅ ስታመጣ በሽቦው አጥር በኩል የምንነጋገርበት ጥቂት ደቂቃ ነበረን። በዚያው ሰሞን "መሪያችሁን አየሁት" አለችኝ። "አዳራሽ ስብሰባ ነበር። ብቻውን ዘፈነ። ሱፉን አሳጥቦታል፤ ተተኩሷል።"

እኔ የለበስኩትን አየች። ጉልበቱ ላይ ተቀዷል፤ አንገትጌው ጠቁሯል። በሱፉ መተኮስ የተናደድኩትን ያህል በፊርማው አልተናደድኩም። እንዲህ ዓይነት ነገር ይገርማል፤ ግን እውነቱ እሱ ነው።

"አባትህ ተኝተዋል" አለችኝ ቀጥላ። "ከደካ ሰው መጥቶ ነበር። ሐኪሙ ወደ ቤት ውሰዷቸው ብሏል። አንተን እየጠሩ ነው።"

"ምን ብሎ?"

"ይምጣ ብለው። ሌላ ምን ይላሉ?"

ስለ ወረቀቱ ነገርኳት። ስምንተኛውን ዓረፍተ ነገርም ነገርኳት። እስክጨርስ አልጠበቀችም።

"ፈርምና ና" አለችኝ። "ያ ፈርሟል አይደል? አንተ ፈረምክ አልፈረምክ ደራሲያችሁ የሚፈታ መሰለህ? አባትህን እሱ ይቀብርልሃል?"

ሰሃኑን በአጥሩ ሥር ገፋችልኝ፤ ቆጮና ጎመን ነበር። አላለቀሰችም። ስትናደድ አታለቅስም።

በማግስቱ መርማሪው ጠራኝ። አባቴ መታመሙን ያውቃል። ወንበር አቀረበልኝ፣ ብዕሩን ከፍቶ ወረቀቱ ላይ አስቀመጠልኝ።

"እውነቱን ልንገርዎት መምህር፤ የእርስዎ ፊርማ ለእኛ ምንም አይጨምርልንም። አንድ ምስክር አለን፣ ይበቃናል። ይህ ለእርስዎ ነው። አሁን ቢፈርሙ በአሥር ሰዓቱ መኪና ደካ ይገባሉ።"

አመንኩት። ውሸታም አልነበረም። ብዕሩን አነሳሁ። እዚህ ላይ ራሴን ጀግና ላስመስል አልፈልግም፤ ብዕሩን አንስቼ የስሜን የመጀመሪያ ፊደል የት እንደምጀምር ቦታ መርጬ ነበር። ነገ ጠዋት ታየኝ። ሻይ ታድሎ ደራሲው ሦስቱን ድምፅ ሲሰጥ፣ የእኔ መልስ ሲጠፋ፣ እሱ ደግሞ ሲሰጠው። ሦስት ጊዜ እንደሚደግመው አውቃለሁ። ከዚያ በማግስቱ ሁለት ብቻ ይሰጣል። የብዕሩን ክዳን ገጥሜ መለስኩለት።

"አልችልም" አልኩት።

"ለማን ብለው ነው?" አለኝ። ከልቡ ነበር የጠየቀኝ።

ከወንበሩ ተነሣሁ። ወደ ክፍሌ ስመለስ፣ አባቴ ሳይሞት የምደርስበት ሌላ መንገድ ይኖራል እያልኩ ራሴን እዋሻለሁ።

በአምስተኛው ቀን ባለቤቴ ያለ ስንቅ መጣች። ነጠላዋን አዘቅዝቃለች። መናገር አላስፈለጋትም። "ነገ በስድስት ሰዓት ነው" አለችኝ። "አሁን ልሄድ ነው፤ መኪና ያመልጠኛል።" ትንሽ ከሄደች በኋላ ተመልሳ መጥታ ጣቷን በሽቦው ቀዳዳ አስገባች። ያዝኳት። ከዚያ ሄደች።

የአባቴ መዘምራን አንድ ልማድ ነበራቸው። ከመካከላቸው ሰው ሲሞት ቀብሩ ላይ የሚዘመረው መዝሙር ያለ እሱ ድምፅ ይዘመራል። ሶፕራኖ፣ ቀጭኑን ድምፅ የምትዘምር፣ የሞተች እንደሆነ ሶፕራኖዎቹ ሁሉ ዝም ይላሉ፤ ሌሎቹ ሦስት ድምፆች ይቀጥላሉ። ልጅ ሆኜ መጀመሪያ ስሰማው፣ መዝሙሩ ከሥሩ ተሸርሽሮ የተተወ አጥር መስሎኝ ነበር። አባቴን ለምን እንዲህ ይደረጋል ብዬ ጠይቄው "ማን እንደጎደለ እንዲሰማ ነው" አለኝ። ደራሲውም ማር ነጋዴውም ይህን ልማድ ያውቁታል፤ አባቴ ለመላው ወረዳ መዘምራን አስተምሮታል።

በቀብሩ ዕለት ጠዋት ድምፅ አልተሰጠም። የአባቴ ሞት ወሬ ከነቀብሩ ሰዓት በግድግዳው በኩል ደርሷቸዋል። እኔ ሱፉን አወለቅሁና ለማጽዳት ሞከርኩ። ሽማግሌው ቀሙኝ። የሻይ ጣሳቸው ላይ ውሃ አድርገው፣ የጋቢያቸውን ጫፍ እያራሱ፣ አንገትጌውን፣ እጅጌውን፣ ጉልበቱን ጠረጉልኝ። ካቦው ጫማዬን በምራቁ ወለወለው። ማንም ሙሽራው ብሎ አልጠራኝም። ቀይ ክራቫቴን ሳስር ሽማግሌው እጄን ያዙና "ይሄ ይቅር" አሉኝ። አስቀመጥኩት። ቁልፎቹን ሁሉ ቆለፍኩ።

ሰዓት የለንም። ከቆርቆሮው ቀዳዳ የምትገባው ብርሃን ወለሉ መሃል ስትደርስ ስድስት ሰዓት ነው እንላለን። እግሮች ሁሉ ተሰበሰቡልኝና መሃል ላይ ብቻዬን ቆምኩ፤ ፊቴን ደካ ናት ወዳልኩበት ግድግዳ አዙሬ። ብርሃኗ መሃል ስትደርስ ሽማግሌው ግድግዳውን በጡጫቸው መቱ። ከመጀመሪያው ክፍል ደራሲው ሁለት ድምፅ ሰጠ፤ የራሱንና የማር ነጋዴውን። ከዚያ መዝሙሩን ጀመሩት፤ አባቴ ያስተማረውን። መሪ የለውም፣ ቤዝ የለውም፤ መካከሉ ብቻ ነው ያለው። ሁለት ሰው ከሁለት ክፍል፣ ሳይተያዩ።

የሞተው ቤዝ ነው፤ ቤዝ ሁሉ ዝም ይላል። ቤዙ በየት እንደሚገባ ከስሜ በላይ አውቀዋለሁ። አፌን ዘጋሁ። አባቴ ከኅብረት ያስወጣኝ ሰው ነው፤ እኔ ደግሞ ልማዱን ጠብቄለት ቆሜያለሁ። እንደ አባቴ ልጅ ከመዘምራኑ ጋር ዝም ያልኩት ያን ዕለት ብቻ ነው። ጠባቂው በሩን ከፍቶ አየን። አራቱም ስንኝ እስኪያልቅ ቆሞ ከጨረሱ በኋላ "በቃ፣ ጸጥታ" አለና ቆለፈ።

ከዚያ በኋላ ሁለት ወር ቆየሁ። ክስም ይቅርታም ሳይኖር አንድ ቀን ሂድ ተባልኩ። ቤት ስደርስ ባለቤቴ ውሃ አሞቀችልኝ፣ ሱፉን አውጥታ ጓሮ አሰጣችው። ስለ ቀብሩ እኔ እስክጠይቃት ድረስ አልነገረችኝም።

"በስድስት ሰዓት ነው ብዬህ ነበር አይደል" አለችኝ። "በስድስት አልሆነም። የፈረመ ይፈታል የሚል ወሬ ደካ ደርሶ ነበር። አጎትህ፣ ልጁ ይፈርማል፣ አባቱን ሳይቀብር አይቀርም አሉ። እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጠበቁህ። ዝናብ ላይ።"

እኔ ሱፌን ቆልፌ ስቆም፣ እነዚያ ሁለቱ ሲዘምሩልኝ፣ አባቴ ገና ቤት ነበር። ሳጥኑን በረንዳ ላይ አስቀምጠው መንገድ መንገዱን ያያሉ። ይህን ከሰማሁ ወዲህ ያን ስድስት ሰዓት ሳስበው እንደ ድሮው አይሆንልኝም። ደካ ስሄድ አጎቴ ሰላም ይለኛል፤ ከዚያ ያለፈ አያናግረኝም። አልፈርድበትም።

ደራሲው ከእኔ በኋላ ከዓመት በላይ ቆየ። መርማሪው እንዳለው አንድ ምስክር በቃቸው። ማር ነጋዴው ማሩን ይነግዳል፤ ሲያገኘኝ ስለ ንብ ያወራኛል። ቡድኑ አለቀ። መሪው አዲስ አበባ ነው፤ ያን የመናኸሪያውን ዘፈን በስሙ ብቻ እንደገና አስቀርፆት አገሩን ሞልቶታል። የእኛን ሦስት ድምፅ በኪቦርድ አስሞልቶታል። ታክሲ ውስጥ ይከፈታል፣ ሰርግ ላይ ይከፈታል፣ የትምህርት ቤቱ ዘበኛ ሬዲዮ ላይ ይከፈታል።

ባለፈው ክረምት ደራሲውን ቦንጋ፣ ገበያው አጠገብ ካለች ሻይ ቤት አገኘሁት። ሌላ ዞን ነው የሚሠራው፤ ለጥቂት ቀን መጥቶ ነው። ፀጉሩ ሸብቷል። ስለ ሥራ አወራን፣ ስለ ልጆች አወራን። ከዚያ ሳላስበው፣

"ለምንድነው ያልፈረምከው?" አለኝ።

"አንተ ላይ?"

"እኔ ላይ። እዚያ ሆኜ በየቀኑ ይፈርም እያልኩ ነበር። የመሪው ፊርማ ጨርሶኛል፤ ያንተ ምን ይጨምርብኛል? አባትህን ቀብረህ ብትመጣ እኔ ምን እሆን ነበር?" ድምፁ ከፍ አለ፤ ሻይ አቅራቢዋ ዞር ብላ አየችን። "በእኔ ነው ያሳበብከው። ስወጣ ያንተን አባት ጭምር ተሸክሜ ነው የወጣሁት። ማን ተሸከምልኝ አለህ?"

የሚለው ሁሉ ትክክል ነበር። ተናደድኩበትም፣ አፈርኩም። ጠዋት ሦስት ድምፅ ስትሰጥ፣ መልሴን ጠብቀህ ዝም ስትል ታይተኸኝ ነው ልለው ፈልጌ ነበር። ሻዬን አማሰልኩ፤ ስኳሩ ድሮ ሟሙቷል።

ሻይ ቤቷ ሬዲዮ ላይ ያው ዘፈን ተከፈተ። ሁለታችንም ሰማን፤ ማናችንም አልተነሣንም። መሪው እንደ ድሮው ያምራል፤ ይህን መካድ አልችልም። አውቶቡሱ መጥቶ ልጅቷ የሌለችበት ስንኝ ላይ ሲደርስ ቤዙ ሁለት ደረጃ መውረድ አለበት። ኪቦርዱ አይወርድም፤ ባለበት ይቆያል። መሪው ለኪቦርድ ተጫዋቹ የነገረው የድሮውን ቅጂ ሳያሰማው ከትዝታው ነው፤ እዚያ ጋ እኔ ምን እንደምል አያውቅም። ስድስት ዓመት አጠገቤ ቆሞ ዘፍኖ የእኔን ድምፅ አንድም ቀን አልዘፈነውም፤ በሕጉ ክልክል ነበር። አገሩ ሁሉ በተሳሳተ ቤዝ ይሰማዋል፤ ከቦንጋ ውጪ ስህተቱን የሚያውቅ ሰው የለም።

እኔ እዚያ ቦታ በደረሰ ቁጥር ትክክለኛውን በአፍንጫዬ ማለት ልማድ አድርጌዋለሁ። አሁንም በአፍንጫዬ ወረድኩ። ከጠረጴዛው ወዲያ ሌላ ድምፅ እኩል ወረደ። ደራሲው ነው። በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ የሰው ድምፅ ሲዘፍን ሰማሁት፤ የእኔን።

ቀና አለና አየኝ። ቁጣው ከፊቱ አልጠፋም።

"ተሳስቷል" አለ።

"አውቃለሁ" አልኩት።

ዘፈኑ እስኪያልቅ ተቀመጥን። ከዚያ ተነስቶ ኮቱን ለበሰ፣ እጄን ጨበጠኝና መኪና እንዳያመልጠው ብሎ ወጣ። ከዚያ ወዲህ አልተገናኘንም።